የሰብሌ መርፌና የታፈረ በሬ

የሰብሌ ቀኝ ክንድ ከክርኑ በታች ቀና አይልም። አጥንቱ ተሰብሮ ሲገጥም ጠማማ ሆኖ ቀርቷል። ፍላቂት ገበያ ላይ የማያውቋት ሰዎች ሲጠይቋት «ከበቅሎ ወድቄ ነው» ትላለች፤ እነሱም ያምኗታል። ሰብሌ ስትዋሽ ሰው ያምናታል፤ መከራዋ ሁሉ የመጣው ከዚሁ ነው። ከሙጃ በላይ ባለው ቀበሌዋ ግን ክንዷን ማን እንደሰበረው፣ በምን እንደሰበረውና ለምን እንደሰበረው የማያውቅ የለም።

ሥራዋ ከብት መክተብ ነው። ወረቀቱ ላይ የእንስሳት ጤና ረዳት ትባላለች፤ ሰው ግን «ሰብሌ መርፌ» ነው የሚላት። ቁመቷ አጭር፣ ምላሷ ረጅም ነው። አንድ የፊት ጥርሷን ጊደር ረግጣ አውልቃባታለች፤ ግራ ጭኗ ላይ አንድ ስንዝር የሚሆን የቀንድ ጠባሳ አለ። ከብት ትወጃለሽ ወይ ሲሏት «ሲረግጠኝ ነው የኖረው፤ ምኑን እወደዋለሁ?» ትላለች። እንዲህ እያለች ግን ክትባቱን የያዘውን አይስ ቦክስ ጀርባዋ ላይ አዝላ፣ እጅ በሚያደነዝዝ ብርድ፣ ሌላ ሰው በማይሞክረው አቀበት ስትወጣና ስትወርድ ነው ዕድሜዋን የፈጀችው።

ከሁሉ በላይ የምትከትበው ለአባ ሰንጋ ነው። አባ ሰንጋ ጊዜ አይሰጥም። ጠዋት ሣር ሲግጥ የነበረ በሬ ለምሳ ሰዓት ተንፈራግጦ ይወድቃል። ከአፍንጫውና ከኋላው ጥቁር ደም ይወርዳል፤ ደሙም አይረጋም። ያ ደም የፈሰሰበት መሬት ለብዙ ዓመት አይታመንም። በሬውን የገፈፈ፣ ቆዳውን የተሸከመ፣ ሥጋውን የበላ ሰው ደግሞ በተራው ይታመማል፤ በጊዜ ፔኒሲሊን ካላገኘ ይሞታል።

በላስታ ደጋ በሬ ድንገት ሲወድቅ የሚደረግ ነገር አለ። ባለቤቱ ይጮኻል፤ ጎረቤት ቢላ ይዞ ይሮጣል። ነፍሱ ሳትወጣ «በስመ አብ» ተብሎ አንገቱ ላይ ቢላ ካላረፈ በክት ነው፤ በክት ክርስቲያን አይበላውም። ቢላው ከቀደመ ግን የታረደ ሥጋ ነው። ያን ጊዜ ጎረቤቱ ሁሉ መደብ መደቡን ይወስድና ለባለቤቱ ሌላ በሬ መግዣ የአቅሙን ያዋጣል። ይህን ልማድ ክፉ ነው የሚል ሰው ካለ በሬው የሞተበት ቀን ጎረቤት የደረሰለት ሰው አይደለም። አባ ሰንጋ ግን ከቤት ወደ ቤት የሚዞረው በዚሁ በደግነታቸው ነው።

ሰብሌ ከዐሥር ዓመት በፊት ወደ ተወለደችበት ቀበሌ ስትመደብ የጠበቃት ነገር ጥሩ አልነበረም። ከእሷ በፊት የነበረው ከታቢ በሽታው አስቀድሞ በገባበት መንጋ ላይ ክትባት ሰጥቶ ነበር። ክትባቱ የታመመን አያድንም፤ ጤነኛውንም ቢሆን ቀናት ካልቆየ አይጠብቀውም። በሁለት ቀን ሰባት ከብት አለቀ። ገበሬው መጀመሪያ መርፌውን አየ፣ ቀጥሎ ሬሳውን አየ፤ ሌላ ምን ይበል? ከታቢውን በድንጋይ ፈንክተው አባረሩት። የመጣባትን በቅሎ ቋንጃዋን በገጀራ በጥሰው ገደል ሰደዷት። ሰብሌ ከታቢ ሆና ለመጀመሪያ ጊዜ አቀበቱን የወጣችው የዚያችን በቅሎ አጥንት ገደሉ ሥር እያየች ነው።

እሑድ ከቅዳሴ በኋላ፣ ከብት ለመርፌ በሚያጣብቁበት የእንጨት በረት አጠገብ ሰው ተሰበሰበ። ከብት ይዞ የመጣ አንድም አልነበረም፤ ዱላ ያልያዘም አልነበረም። ታናሽ ወንድሟ ቢሆነኝ ብቻ የአባታቸውን በሬ ጎትቶ አምጥቶ ቀንዱን ይዞ ቆሟል። ያኔ ሃያ ሁለት ዓመቱ ነበር፤ የማይስቅበት ነገር የሌለ ጎረምሳ።

ታፈረ የሚባሉ ሽማግሌ ከፊት ወጡ። በዚያ እልቂት ጥማድ በሬያቸው በአንድ ቀን የሞተባቸው እሳቸው ናቸው።

«አንች ልጅ፣ ይኸ መርፌ አይገድልም ነው የምትይው?»

«አይገድልም፣ አያ ታፈረ።»

«እንግዲያው በራስሽ ክንድ አሳዪና።»

ሰዉ ሁሉ «እውነታቸውን ነው» አለና ጠጋ ጠጋ አለ። ሰብሌ ክትባቱ ምን እንደሆነ ታውቃለች። በውስጡ ያለው ሕይወት ያለው ተህዋስ ነው፤ እንዲዳከም ተደርጎ ለከብት የተሠራ፤ ሰው አይወጋበትም። ይህን ብትናገር ደግሞ «ሰው የሚጎዳ ነገር በሬዬን እንዴት አይጎዳም?» እንደሚሏት ታውቃለች። የበቅሎዋም ነገር ትዝ አላት። በአይስ ቦክሷ ውስጥ ሁለት ዓይነት ብልቃጥ ነበር፤ አንደኛው የአባ ሰንጋ ክትባት፣ ሌላው የበግ ፈንጣጣ ክትባት የሚበጠበጥበት ንጹህ ውሃ። ጎንበስ አለችና ከውሃው ቀዳች። እጅጌዋን ጠቅልላ፣ ሁሉም እንዲያያት ክንዷን ከፍ አድርጋ ወጋች።

አላጨበጨቡላትም። «እስከ መጪው እሑድ ከዓይናችን አትጥፊ» አሏትና አንድ ሳምንት ሙሉ እንደ እስረኛ ጠበቋት። በሳምንቱ እሑድ ሰብሌ በሁለት እግሯ ቆማ፣ እንዲያውም ስትሳደብ አገኟት። ያን ቀን ከሁለት መቶ በላይ ከብት ተከተበ።

ማታ እራት ላይ ቢሆነኝ ጠየቃት።

«እታለም፣ በሬያችንን የወጋሽበት ደፍራሳ ነገር ነው። በክንድሽ ያስገባሽው ግን እንደ ምንጭ ውሃ ጥርት ያለ ነው። ምንድን ነው ነገሩ?»

«ለሰው ትንፍሽ ብትል ጥርስህን ነው የማወልቀው።»

ቢሆነኝ ሆዱን ይዞ ሳቀ። ነገሩ ግን ከዚያች ማዕድ ወዲያ አላለፈም፤ ጠላ ጠጥቶ እንኳ አላወራውም።

ውሸቱ ሠራ፤ ይህን መካድ አይቻልም። በየዓመቱ ከብቱ ይከተባል፤ አባ ሰንጋም ከቀበሌው እግሩን ሰበሰበ። ወሬው ደግሞ እያደር ገነነ። «ሰብሌ ራሷን ከትባ አባ ሰንጋ አይደርስባትም» ተባለ። ሰብሌ ትሰማለች፣ ዝም ትላለች። መጀመሪያ መጀመሪያ ላይ ታፍር ነበር፤ ኋላ ኋላ ማፈሩንም ተወችው።

በዚያው ሰሞን ደሳለ ከውትድርና ተመለሰ። ከሰብሌ ጋር አንድ ክፍል የተማረ፣ በሰላም ማስከበር ስም ባሕር ማዶ ደርሶ የመጣ ሰው ነው። ጠላ ቤት ተቀምጦ ካወራቸው ወሬዎች አንዱ ሰዉን በሳቅ ገደለው። የፈረንጅ ወታደሮች በሰልፍ ቆመው ክንዳቸውን ሲወጉ አይቶ ምንድን ነው ብሎ ቢጠይቅ «ለአባ ሰንጋ ነው» አሉት። ጠላት በሽታውን አድርቆ እንደ ዱቄት ሊበትንባቸው ይችላል ብለው ፈርተው ነው። አንዳንዱ እያጉረመረመ ይወጋል፤ አንዳንዱ እምቢ ብሎ ይቀጣል። «ፈረንጅ እንደ በሬ ይከተባል በሉኛ» አሉ ታፈረ። ያን ቀን ማንም ቁም ነገር ብሎ አልያዘውም።

ከዚያ ጦርነቱ መጣ። አንዱ ሲወጣ ሌላው ይገባል፤ አንዱ ይዘርፋል፣ ሌላው ይገርፋል። የማን ወገን ማን እንደነበር መዘርዘር ለዚህ ታሪክ አያስፈልግም። ሙጃ የነበረው የክትባት ፍሪጅ መብራት አጣ፤ ቀጥሎ ራሱ ፍሪጁ ጠፋ። ሁለት ዓመት ክትባት አልመጣም። ደሳለ ጠመንጃ ያላቸውን ሰብስቦ አለቃ ሆነ፤ ቢሆነኝም ተከተለው። ሰብሌ ወንድሟን ለምናዋለች፣ ሰድባዋለች፣ አንድ ቀን በጥፊም መታዋለች። እሱ ስቆ ጠመንጃውን አንግቶ ሄደ።

በሁለተኛው ዓመት ግንቦት ላይ ላሊበላ ጥቂት ክትባት መምጣቱ ተሰማ። ሰብሌ አይስ ቦክሷን አዝላ ወረደች። በማግስቱ የታፈረ በሬ ወደቀ።

ፋሲካ አልፏል፤ ጾም የለም። ታፈረ ጮኹ፤ ጎረቤት ደረሰ፤ ቢላው ነፍሱን ቀደመ። ደሙ ጥቁር እንደነበር ያየ አለ፤ አፉን አውጥቶ የተናገረ የለም። የታፈረን ሐዘን በምን አፍ ያባብሰዋል? የደሳለ ሰዎች በአቅራቢያው ሰፍረው ስለነበር አንድ ጭን ለእነሱ ተሰጠ። ቢሆነኝ በሬውን ገፈፈ፤ እርጥቡን ቆዳም ትከሻው ላይ ጥሎ ተሸክሞት ወረደ። ሁለት ጓደኞቹ ሥጋውን በጥሬው በሉት። በሦስተኛው ቀን ቢሆነኝ አንገቱን አሳከከው። በአምስተኛው ቀን አንገቱ ላይ ጥቁር ቅርፊት ወጣ፤ ዙሪያው አብጦ እስከ መንጋጋው ደረሰ። ጥሬውን የበሉት ደም ማስመለስ ጀመሩ።

ሰብሌ የተመለሰችው በስድስተኛው ቀን ረፋድ ላይ ነው። በረቱ ጋ ስትደርስ ያየችው ነገር እግሯን አሰረው። ሥጋውን የበላ አርባ የሚሆን ሰው፣ አቀበቱን ስትወጣ አይቷት፣ በሰልፍ ቆሟል። ሴቱም ወንዱም እጅጌውን እስከ ትከሻው ጠቅልሏል። ከፊት ያሉት ታፈረ ናቸው፤ የከሳ ክንዳቸውን ብርዱ ላይ ዘርግተዋል። ከጎን የደሳለ ታጣቂዎች ቆመዋል። መሬት ላይ ሦስት ቃሬዛ አለ፤ በአንደኛው ቢሆነኝ ተጋድሟል፤ ፊቱ ከማበጡ የተነሣ መጀመሪያ አልለየችውም።

«ተመስገን፣ መጣሽ» አለ ደሳለ። ሌሊቱን ያልተኛ ሰው ዓይን ነበረው። «ቶሎ በይ። ከታመሙት ጀምሪ፤ ከዚያ ታጣቂ ልጆቼን፣ ከዚያ ሕዝቡን።»

«ምን ልጀምር?»

«መርፌውን ነዋ።»

«ደሳለ፣ ይህ የከብት ነው። ሰው አይወጋበትም።»

«ፈረንጆቹ ሲወጉ በዓይኔ አይቻለሁ።»

«የእነሱ ለሰው ተብሎ የተሠራ ሌላ ክትባት ነው። ሕይወት ያለው ተህዋስ የለበትም። እሱንም ቢሆን ሳይታመሙ፣ በየጊዜው ደጋግመው ነው የሚወጉት። የእኔው ሕይወት አለው፤ ለበሬ ገላ ነው የተሠራው። የታመመ ሰው ላይ ብጨምርበት ምን እንደሚያደርገው እግዚአብሔር ነው የሚያውቀው። እነዚህ ልጆች የሚያስፈልጋቸው ፔኒሲሊን ነው። ላሊበላ ሆስፒታል አለ፤ አሁኑኑ እናንሣቸው።»

«ላሊበላ ያለው ማን እንደሆነ ጠፍቶሽ ነው? ሲያዩን ይረሽኑናል።» ደሳለ ቀረብ አለ። «አንች እዚህ በረት ውስጥ፣ ሕዝብ እያየሽ፣ ራስሽን ወግተሻል። አልሞትሽም። ለአንች የሆነ ለእኛ ለምን አይሆንም?»

ሰብሌ ሰልፉን አየች። ታፈረ ክንዳቸውን አላወረዱም። ዘጠኝ ዓመት ያሳደገችው ውሸት አርባ ክንድ አውጥቶ ፊቷ ቆሟል። በሕይወቷ እንደዚያች ሰዓት አፍራ አታውቅም። እውነቱን ከተናገረች ከእንግዲህ በዚህ ቀበሌ አንድ ሰው አያምናትም፤ አንድ ከብትም አይከተብም። ካልተናገረች ደግሞ ለበሬ የተሠራውን ነገር በእነዚህ ሁሉ ሰዎች ገላ ልታስገባ ነው።

«ውሃ ነበር» አለች።

«ምን?»

«ያን ጊዜ የወጋሁት ውሃ ነበር። አታልያችኋለሁ። ሌላ ብልቃጥ ነው የቀዳሁት።»

ታፈረ በማይታመን ልስላሴ «ሰብልዬ፣ ምን አስቀይመንሽ ነው?» አሉ። መድኃኒቱን እየነፈገቻቸው መስሏቸው ነው። ሰብሌን ከዱላው ሁሉ በላይ የጎዳት ይህ ነው።

ደሳለም አላመናትም። «ዘጠኝ ዓመት እውነት የነበረው፣ ዛሬ ልጆቼ ሊሞቱ ሲሉ ውሸት ሆነ?» አለ። በጥፊ መታት፤ ወደቀች። አይስ ቦክሱን ከጀርባዋ ሊነጥቅ ሲጎትት በሁለት እጇ አቀፈችው። በእግሩ ጎድኗን ረገጣት፤ አለቀቀችም። ጠመንጃውን አዞረና በሰደፉ ቀኝ ክንዷን መታው። አጥንቱ ሲሰበር ድምፁ ሰልፉ ድረስ ተሰማ። አንዲት ሴት ፊቷን በነጠላዋ ሸፈነች። ማንም አልተንቀሳቀሰም፤ ይህንንም ሰብሌ አትረሳውም።

ደሳለ ብልቃጡን አወጣ። መርፌ ሲቀዳ ብዙ ጊዜ አይቷል፤ ቀዳ። ክፉ ሰው ስለሆነ አልነበረም፤ ልጆቹ እያለቁበት የሚያደርገው የጠፋው ሰው ነበር። እንዲህ ያለ ሰው ጠመንጃ ሲይዝ ከክፉ ሰው ይብሳል።

«ከወንድምሽ እንጀምራለን» አለ።

ሰብሌ በሆዷ እየተሳበች «ተው፣ ደሳለ፣ እኔን ግደለኝ» ብላ ጮኸች። ደሳለ ቃሬዛው አጠገብ ተንበርክኮ የቢሆነኝን እጅጌ ሰበሰበ። ያን ጊዜ የቢሆነኝ እጅ ተነሣና የደሳለን የእጅ አንጓ ጨበጠ። ጉሮሮው አብጦ ስለነበር ቃሉ እየተቆራረጠ ወጣ።

«ውሃ ነው... የወጋችው።»

«አንተ ምን ታውቃለህ?»

«በሬውን የያዝኩት... እኔ ነኝ። የበሬው ደፍራሳ ነው። የእሷ... ጥርት ያለ። የያዝከውን... እየው።»

ደሳለ መርፌውን ቀና አድርጎ ወደ ፀሐይ አየው። ውስጡ ያለው ነገር ነጣ ያለ፣ የደፈረሰ ነበር። ሰልፉ ላይ የቆመው ሰው ሁሉ አየው። ያን እሑድ የነበሩት ሁሉ፣ ክንዷ ላይ ሲገባ ያዩት ነገር ጥርት ያለ እንደነበር አሁን ትዝ አላቸው።

«ማልልኝ» አለ ደሳለ።

«ላሊበላን!» አለ ቢሆነኝ። በዚያ አገር ሊሞት ያለ ሰው በዚህ ጻድቅ ስም በሐሰት አይምልም።

ደሳለ ተነሣ። መርፌውን ድንጋይ ላይ ወርውሮ ሰበረው። ከዚያ ጠመንጃውን አይስ ቦክሱ ላይ ደቅኖ ተኮሰ፤ ደግሞ ተኮሰ፤ ጥይቱ እስኪያልቅ ተኮሰ። ለሁለት ዓመት የተጠበቀው ክትባት ከበረዶው ጋር መሬት ፈሰሰ። ሲጨርስ እዚያው ቁጭ ብሎ አለቀሰ፤ ታጣቂዎቹ አለቃቸውን ላለማየት ፊታቸውን አዞሩ።

በሰልፉ ላይ አንድ በአንድ እጅጌ ወረደ። ታፈረ ወደ ሰብሌ መጡና እግሯ ሥር ምራቃቸውን እንትፍ አሉ። ከዚያ ዞረው የቢሆነኝን ቃሬዛ አንዱን ጫፍ አነሡ። «መሣሪያ የያዘ እንዳይከተለን። ገበሬ ብቻ ይሸከም» አሉ።

የደብሩ ቄስ ገብረ ዮሐንስ መስቀላቸውን ይዘው ከፊት ወጡ። ሰብሌ ክንዷን በነጠላ አንገቷ ላይ አንጠልጥላ ከወንድሟ ጎን ተራመደች። ሰዉ ሦስቱን ቃሬዛ በየተራ ይሸከማል፤ እሷን ግን የሚያናግራት የለም። ወደ ላሊበላ የሚያስገባው ኬላ ሲታይ ከላይ ተኩስ ተከፈተ። ጥይቱ እግራቸው ሥር ድንጋዩን ፈለጠው፤ ስንጣሪው የቄሱን ጉንጭ ቀደደው። ተሸካሚዎቹ ቃሬዛዎቹን ይዘው መሬት ተኙ። ቄሱ ግን ደማቸው ጢማቸው ላይ እየወረደ፣ መስቀሉን ከፍ አድርገው፣ «ሕሙማን ናቸው» እያሉ ሳይቆሙ ሄዱ። ወታደሮቹ ወርደው የቢሆነኝን አንገት ሲያዩ ወደ ኋላ አፈገፈጉ፤ «እለፉ፣ እለፉ» አሉ።

ኬላውን አልፈው ተሸካሚ ሲቀያየሩ ቢሆነኝ ዓይኑን ገልጦ እህቱን አያት።

«እታለም፣ ተናገርኩብሽ።»

«ዝም በል፣ አትድከም።»

«ጥርሴን... መቼ ነው የምታወልቂው?»

ሊስቅ ሞከረ። ትንፋሹ ጉሮሮው ላይ ቀረ። ሰብሌ በግራ እጇ ቀና ልታደርገው ታገለች፤ ስሙን ጠራች፤ ፊቱን መታች። ሆስፒታሉ ሊደርሱ ግማሽ ሰዓት ሲቀራቸው ሞተ።

ለሁለቱ ጓደኞቹ ፔኒሲሊኑ ደረሰላቸው፤ ዛሬም በሕይወት አሉ። አንድ የጤና ባለሙያ በማግስቱ ወደ ቀበሌው ወጥቶ ሥጋውን ለበሉት ሁሉ እንክብል ሰጠ፤ ከእነሱ የሞተ የለም። ሰብሌ በሽታው እንዳይጋባባቸው ፈርታ የወንድሟን ሬሳ ማንም እንዳያጥበው፣ ማንም እንዳይስመው፣ በግራ እጇ ዱላ ይዛ በሩ ላይ ቆማ ከለከለች። እናቷ ፊቷን ቧጨረቻት። ሰብሌ ደሟን ሳትጠርግ ቆማ፣ እንደተጠቀለለ አስቀበረችው። ደሳለ በዚያው ክረምት ፍላቂት መንገድ ላይ ተገድሎ ተገኘ። ሲነግሯት «እግዚአብሔር ይማረው» አለች።

ባመቱ ክትባት መጣ። ሌላ ሰው ይሂድ ሲሏት እምቢ አለች። በዓመት ውስጥ በግራ እጇ መውጋት ተምራ ነበር። እሑድ ከቅዳሴ በኋላ በረቱ ጋ ቆመች። ሰው መጣ፤ ከብት ግን አልመጣም። ዱላም የያዘ የለም። ከሩቅ ቆመው ያዩዋታል፤ ሰብሌ ዱላውን ትመርጥ ነበር።

ታፈረ ብቻቸውን ቀረብ አሉ። በዚያ ዓመት በጣም አርጅተዋል።

«ዛሬስ ምን ይዘሽ መጣሽ?»

«ክትባት ነው፣ አያ ታፈረ። ሕይወት ያለው ተህዋስ አለበት። የተወጋው ከብት አንገቱ ሊያብጥ ይችላል፤ ጥቂት ቀን ሊደክመው ይችላል። ከስድስት ሳምንት በፊት አይታረድም። በሽታው አስቀድሞ የገባበት ካለ ነገ ይወድቃል፤ እናንተም መርፌው ገደለው ትላላችሁ። ከወደቀ ቢላ እንዳታሳርፉበት፤ ከነቆዳው ቅበሩት። በክንዴ አሳዪን ካላችሁ አላሳይም። የከብት ነው።»

«ሁሉም ይድናል አትይም?»

«አልልም።»

ታፈረ ጀርባቸውን ሰጥተዋት ወደ ቤታቸው ሄዱ። ሰዉም መበተን ጀመረ። ሰብሌ አይስ ቦክሷ አጠገብ ድንጋይ ላይ ተቀመጠች። የወንድሟ እግር ረግጦት የነበረውን መሬት እያየች ብዙ ቆየች።

ቀና ስትል ታፈረ አንድ ወይፈን እየጎተቱ ይመጣሉ። ጎረቤት ባዋጣላቸው የገዙት፣ ያላቸው አንድ እሱ ብቻ ነው። በረቱ ውስጥ አስገቡት።

«ማን ይይዝልሻል?» አሉ።

«የሚይዝልኝ የለም።»

ታፈረ ቢሆነኝ ይቆምበት የነበረው ቦታ ላይ ቆሙ። ሰብሌ በግራ እጇ ቀድታ ስትጠጋ «ቆዪ» አሉና መርፌውን ከእጇ ተቀበሏት። ወደ ፀሐይ አንሥተው ረጅም ጊዜ አዩት።

«ደፍራሳ ነው» አሉ፤ መለሱላትና ቀንዱን ያዙ።